ሁለት ጊዜ የተዋኘ ባሕር፤ የመርሴዲስ ግላይትስ ሕይወት

መርሴዲስ ግላይትስ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በኖቬምበር 18 ቀን 1900 በእንግሊዝ አገር በብራይተን ከተማ ተወለደች። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በዚያው አቆጣጠር ናቸው።) ወላጆቿ ከጀርመን የመጡ ሲሆኑ አባቷ ዳቦ ጋጋሪ ነበሩ። አንደኛው የዓለም ጦርነት ቤተሰቡን ከብራይተን ነቅሎ ወደ ጀርመን ሰደደው። እርሷ ግን ከጦርነቱ በኋላ ወደ ተወለደችበት አገር ተመለሰች፤ ሁለቱንም ቋንቋዎች ስለምታውቅ በለንደን በታይፒስትነት ሥራ አገኘች። የዕለት እንጀራዋ ከጽሕፈት መኪና የሚገኝ ነበር፤ ዋናን የምትለማመደው ከሥራ በተረፋት ጊዜ በቴምዝ ወንዝና በባሕር ዳር ነው።

ሕልሟ እንግሊዝንና ፈረንሳይን የሚለየውን የእንግሊዝ ቻናል መሻገር ነበር። ይህ ባሕር በጠባቡ በኩል 34 ኪሎ ሜትር ያህል ብቻ ቢሆንም፣ ማዕበሉና ሞገዱ ዋናተኛውን ወዲያና ወዲህ ስለሚያንገላታው መንገዱ ቀጥ ብሎ አያውቅም። ከሁሉ የሚከፋው ግን ቅዝቃዜው ነው፤ ውሃ የሰውነትን ሙቀት ከአየር እጅግ ፈጥኖ ይወስዳልና። መርሴዲስ ሰባት ጊዜ ሞክራ ሳይሳካላት ቀረ። በስምንተኛው፣ ኦክቶበር 7 ቀን 1927፣ ገና ሳይነጋ ከፈረንሳይ ጠረፍ ተነሥታ ከ15 ሰዓት ከ15 ደቂቃ በኋላ የእንግሊዝን ምድር ረገጠች። ቻናሉን በዋና የተሻገረች የመጀመሪያዪቱ እንግሊዛዊት ሆነች።

ደስታው አራት ቀን እንኳ በቅጡ አልቆየም። ዶሮቲ ሎጋን የተባለች የሕክምና ዶክተር ያንኑ ባሕር ከመርሴዲስ ባጠረ ጊዜ መሻገሯን አስታወቀች፤ አንድ ጋዜጣ ያዘጋጀውን የ1,000 ፓውንድ ሽልማትም በመሐላ ቃል አረጋግጣ ተቀበለች። ጥቂት ቀናት ካለፉ በኋላ ግን የመንገዱን አብዛኛውን ክፍል በጀልባ ተቀምጣ ማለፏን ራሷ ገለጸች፤ ገንዘቡንም መለሰች። ይህን ያደረገችው ያለ በቂ ምስክር እንዲህ ያለ ወሬ እንዴት በቀላሉ እንደሚታመን ለማሳየት መሆኑን አስረዳች። ፍርድ ቤቱም በሐሰተኛ መሐላ መቀጮ ጣለባት። የሎጋን ትምህርት ከንቱ አልነበረም ማለት ይቻላል፤ ዋጋውን የከፈለችው ግን ሌላ ሴት ናት። አንዱ ውሸት ከተገለጠ በኋላ ሕዝቡ እውነተኛውንም መጠራጠር ጀመረ።

መርሴዲስ ክርክር አልመረጠችም። በምስክሮች ፊት ዳግመኛ ለመዋኘት ኦክቶበር 21 ቀን ወደ ባሕሩ ገባች። ወቅቱ እየገፋ ሄዶ ውሃው ከፊተኛው ይልቅ ቀዝቅዞ ነበር። ከ10 ሰዓት በላይ ከታገለች በኋላ ሰውነቷ እየደነዘዘ ስለ ሄደ፣ ዳርቻው ገና ጥቂት ማይሎች ሲቀረው አጃቢዎቿ ከውሃው አወጧት። ዋናው አልተፈጸመም፤ ነገር ግን በዚያ ብርድ ያን ያህል ሰዓት የጸናችውን ያዩ ሁሉ የፊተኛውን ድሏን ተቀበሉ። ያልተሳካ ሙከራ ከተሳካው ይልቅ ምስክር መሆኑ የሚያስገርም ነው። በዚያ ቀን በአንገቷ ያንጠለጠለችው የሮሌክስ ሰዓት ውሃ ሳይገባው መቅረቱን ኩባንያው በጋዜጣ ፊት ገጽ አስነገረ። በዚያው በ1927 የቻናል ዋናተኞች ማኅበር ተቋቋመ፤ ከዚያ ወዲህ መሻገር በታዛቢ ፊት የሚመዘገብ ሆነ።

በኤፕሪል 1928 የጅብራልታርን የባሕር ሰርጥ በ12 ሰዓት ከ50 ደቂቃ በዋና አቋረጠች፤ ከእርሷ በፊት ይህን ያደረገ ሰው አልነበረም። ከዚያ በኋላ በአየርላንድ፣ በኒው ዚላንድና በደቡብ አፍሪካ ዋኝታለች። ዋና መተዳደሪያዋ ስለ ሆነ የታይፒስትነቱ ሥራ ቀረ። ሰው ከፍሎ በሚመለከትባቸው የመዋኛ ገንዳዎች ውስጥም ከ40 ሰዓት በላይ ሳታቋርጥ የቆየችበት ጊዜ ነበር፤ ይህ ለባሕር ሰው የሚያኮራ ሥራ ላይመስል ይችላል። ገንዘቡ የት እንደ ዋለ ሲታይ ግን ፍርዱ ይለወጣል። በለንደን ጎዳናዎች ያየቻቸው መጠለያ የሌላቸው ሰዎች ከልቧ አልወጡም ነበርና፣ በ1933 በሌስተር ከተማ በስሟ የተጠሩ የችግረኞች መኖሪያ ቤቶች ተከፈቱ። ቤቶቹ በኖቬምበር 1940 በጀርመን አውሮፕላኖች ቦምብ ፈረሱ።

በ1930 አግብታ ልጆች ወልዳለች። በ1930ዎቹ ዓመታት ከባሕሩ ከራቀች በኋላ ስለ ቀድሞ ዝናዋ ማውራት አትወድም ነበር፤ የገዛ ልጆቿ እንኳ አብዛኛውን ታሪኳን በሚገባ የተረዱት በ1981 ካረፈች በኋላ፣ ትታው ከሄደችው ወረቀት ነው።