ክላፕሮት እና የዚርኮን ድንጋይ

ስለ ዚርኮን ሲነሳ አብዛኛውን ጊዜ የሚወራው ስለ ድንጋዩ ነው። እኔ ግን በዚህ አጭር ጽሑፍ ላስተዋውቃችሁ የፈለግሁት በድንጋዩ ውስጥ ያለውን አዲስ ንጥረ ነገር ያገኘውን ሰው፣ ማርቲን ሃይንሪሽ ክላፕሮትን ነው።

ክላፕሮት እ.ኤ.አ. በ1743 ቬርኒገሮደ በምትባል የጀርመን ከተማ ተወለደ። አባቱ ልብስ ሰፊ ነበር። በ1751 ቤታቸው በእሳት ወደመና ቤተሰቡ ለችግር ተዳረገ። ልጁም ገና በ16 ዓመቱ ገደማ መድኃኒት ቤት ገብቶ ቅመማ መማር ጀመረ። ዩኒቨርሲቲ የሚባል ነገር አልተማረም። በ1771 በርሊን ውስጥ በቫለንቲን ሮዘ መድኃኒት ቤት ተቀጠረ፤ ሮዘ በዚያው ዓመት ሲሞት መድኃኒት ቤቱን የማስተዳደሩም ልጆቹን የማስተማሩም ኃላፊነት በእሱ ላይ ወደቀ። የራሱን መድኃኒት ቤት የገዛው በ1780 ነው። ታላላቅ ሥራዎቹን የጀመረው እንግዲህ እዚያ ነው።

ዚርኮን ለኬሚስት አስቸጋሪ ድንጋይ ነው። ጥንካሬው በሞህስ መለኪያ 7.5 ያህል ነው፣ በተራ አሲድ በቀላሉ አይሟሟም። ከግራናይትና ከመሰል ዐለቶች ተላቆ በወንዝ ቢወሰድ እንኳ አይፈርስም፤ ክብደት ስላለው በአሸዋ ውስጥ ይከማቻል። የስሪላንካ ጠጠሮች እንዲህ ነው የተገኙት። ከክላፕሮት በፊት የመረመሩት ሰዎች ከሚያውቋቸው እንደ ሲሊካና አሉሚና ካሉት ነገሮች የተሠራ መስሏቸው ነበር። እሱ ግን በ1789 ድንጋዩን ፈጭቶ ከኮስቲክ ሶዳ ጋር በብር ማቅለጫ አቀለጠውና በአሲድ አሟሟው። ሲሊካው ከወጣ በኋላ የተረፈው ከማንኛውም ከሚታወቅ ነገር ጋር አልገጥም አለ። ዛሬ ዚርኮኒየም ኦክሳይድ የምንለው ነው፤ የድንጋዩን ክብደት ሁለት ሦስተኛ ያህል ይይዛል። መቼም ይህን ያህል የሚበዛ ነገር ሳይታይ መቅረቱ ይገርማል!

እኔን ከግኝቱ በላይ የሚማርከኝ አሠራሩ ነው። ዝቃጩን ክብደቱ መለወጥ እስኪያቆም ድረስ ደጋግሞ ያደርቅና ይመዝን ነበር። ጠንካራ ድንጋይ ሲፈጭ ሙቀጫውም ስለሚፋቅ፣ ከሙቀጫው ምን ያህል እንደተጨመረ አስልቶ ይቀንሳል። ድምሩ 100 ካልሞላ ደግሞ የጎደለውን እንደጎደለ ጽፎ ያወጣዋል። በዚያ ዘመን ብዙዎች ቁጥሩን አስተካክለው ነበር የሚያቀርቡት። ድምሩ እንዲሞላ ቁጥር መነካካት በእኛም ላቦራቶሪ የማይታወቅ ነገር አይደለም እኮ! ጉድለት ተደብቆ ቢሆን ኖሮ ግን አዲስ ንጥረ ነገር በየት በኩል ይታያል?

በዚያው በ1789 ክላፕሮት ከሳክሶኒ ማዕድን ማውጫ በመጣ ፒችብለንድ ውስጥ ሌላ ንጥረ ነገር አገኘ። ከስምንት ዓመት በፊት በታየችው ፕላኔት በዩራነስ ስም ዩራኒየም አለው። ሁለቱ ግኝቶች እንደሚገናኙ ያኔ ማንም ሊያውቅ አይችልም ነበር። ዚርኮን ሲፈጠር ጥቂት ዩራኒየም ወደ ክሪስታሉ ያስገባል፣ እርሳስን ግን አይቀበልም ማለት ይቻላል። ዩራኒየሙ ቀስ በቀስ ወደ እርሳስ ይለወጣል፤ ዩራኒየም 238 ግማሹ እስኪለወጥ 4.47 ቢሊዮን ዓመት ይፈጃል። ስለዚህ የሁለቱን መጠን የለካ ሰው የክሪስታሉን ዕድሜ ያገኛል። በምዕራብ አውስትራሊያ ጃክ ሂልስ የተገኘች አንዲት የዚርኮን ቅንጣት 4.4 ቢሊዮን ዓመት ገደማ ሆናለች። በትግራይና በወለጋ ያሉ ጥንታዊ ዐለቶቻችንም ዕድሜያቸው የተለካው በዚሁ መንገድ ነው።

ሌላውን ጥቅሙን ብዙዎቻችን እናውቀዋለን፦ የሴራሚክ ንጣፍን ነጭ ማድረግ፣ የብረት ማቅለጫ ቅርጽ ማውጫ አሸዋ፣ የኒውክሌር ነዳጅ መያዣ ቱቦ። (በጌጣጌጥ ቤት ዚርኮን እየተባለ የሚሸጠው አንጸባራቂ ግን ብዙ ጊዜ ሰው ሠራሽ ኪዩቢክ ዚርኮኒያ ነው፤ የተለየ ነገር ነው።)

ዩኒቨርሲቲ ያልተማረው መድኃኒት ቀማሚ በ1810 የበርሊን ዩኒቨርሲቲ ሲከፈት የመጀመሪያው የኬሚስትሪ ፕሮፌሰር ሆነ። የሞተው ጥር 1 ቀን 1817 ነው። ዚርኮኒየምን በብረትነቱ አላየውም፤ በርዜሊየስ ንጹሕ ባይሆንም ለይቶ ያወጣው በ1824 ነው። ክላፕሮት የዩራኒየም ብረት ነው ብሎ የያዘው ጥቁር ዱቄትም ኦክሳይድ መሆኑን ፔሊጎ የተባለ ፈረንሳዊ ያሳየው በ1841 ነበር።