ንስሐና ካሣ፦ የባርቶሎሜ ዴ ላስ ካሳስ ሕይወት በምዕራቡ ክርስትና ታሪክ ውስጥ

መግቢያ

ክርስትና በምዕራቡ ማኅበረሰብ ላይ ስላሳደረው ተጽዕኖ የሚጻፉ ጥናቶች አብዛኛውን ጊዜ በሁለት ጎራ ይከፈላሉ። አንደኛው ጎራ ሃይማኖቱን የሰብአዊ ክብር አስተሳሰብ ምንጭ አድርጎ ያቀርባል፤ ሁለተኛው የወረራና የባርነት መሣሪያ እንደ ነበር ያስረዳል። የስፔናዊው ካህን የባርቶሎሜ ዴ ላስ ካሳስ ሕይወት ሁለቱም አመለካከቶች በየራሳቸው ያልተሟሉ መሆናቸውን ያመለክታል። ይህ አጭር ጽሑፍ የካህኑን የሕይወት ጉዞ በመከተል፣ የቀማ ሰው የቀማውን ሳይመልስ ከኃጢአቱ አይፈታም የሚለው ጥንታዊ የንስሐ ትምህርት እንዴት የመንግሥት ሕግ ጥያቄ እስከ መሆን እንደ ደረሰ ያሳያል። በጽሑፉ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ከሴቪል እስከ ኩባ

ላስ ካሳስ በ1484 በሴቪል ከተማ ከነጋዴ ቤተሰብ ተወለደ። አባቱ በ1493 በተጀመረው የኮሎምበስ ሁለተኛ ጉዞ ተሳትፎ ነበር። ልጁም በ1502 ሂስፓኞላ ወደተባለችው፣ ዛሬ ሄይቲና ዶሚኒካን ሪፐብሊክ ወደሚገኙባት ደሴት ተሻገረ። በዚያም ኤንኮሚየንዳ በተባለው ሥርዓት ተጠቃሚ ሆነ። በዚህ ሥርዓት መሠረት ንጉሡ የተወሰኑ ነባር ነዋሪዎችን ለአንድ ስፔናዊ በአደራ ይሰጣል፤ ተቀባዩ እንዲጠብቃቸውና እምነቱን እንዲያስተምራቸው ይታዘዛል፤ እነርሱ በልዋጩ ይሠሩለታል ወይም ይገብሩለታል። በተግባር ግን አደራው ተዘንግቶ የግዳጅ ሥራው ብቻ ቀረ። በወርቅ ቁፋሮ ድካም፣ በረሀብና ከአውሮፓ በመጡ በሽታዎች የደሴቲቱ ነባር ሕዝብ በጥቂት አሥርት ዓመታት ውስጥ ሊያልቅ ተቃረበ።

በታኅሣሥ 1511 አንቶንዮ ዴ ሞንቴሲኖስ የተባለ የዶሚኒካን ማኅበር መነኩሴ በሳንቶ ዶሚንጎ ባሰማው ስብከት ሰፋሪዎቹን በአደባባይ ወቀሰ። የማኅበሩ መነኮሳትም ነባር ነዋሪዎችን በሥሩ የያዘን ሰው አናናዝዝም አሉ። በዚያን ጊዜ ክህነት ተቀብሎ የነበረው ላስ ካሳስም ይኸው ክልከላ ደረሰበት፤ ሊናዘዝ ቀርቦ ተመለሰ። ይሁን እንጂ ወዲያው አልተለወጠም። ለኩባ ወረራ በዘመተው ጦር ውስጥ በካህንነት አገለገለ፤ ካኦናኦ በተባለ መንደር ሰላማዊ ሰዎች ሲጨፈጨፉ በዓይኑ አየ፤ ከዚያም በኋላ በኩባ አዲስ ኤንኮሚየንዳ ተቀበለ።

ለውጡ የመጣው በ1514 ነው። ለጰራቅሊጦስ በዓል ስብከት ሲያዘጋጅ በመጽሐፈ ሲራክ ምዕራፍ 34 ላይ፣ ከድሃ ተወስዶ የሚቀርብ መሥዋዕት በእግዚአብሔር ዘንድ ተቀባይነት እንደሌለው የሚናገረውን ክፍል አነበበ። በኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን ቀኖናም የሚገኘው ይህ መጽሐፍ ለላስ ካሳስ የግል ፍርድ ሆነበት። በሥሩ የነበሩትን ሰዎች መልቀቁን ለገዥው አሳወቀ፤ ነሐሴ 15 ቀንም በስብከቱ ለሕዝብ ገለጠ።

ተከራካሪው ካህንና ስሕተቱ

በ1515 ወደ ስፔን ተመልሶ አቤቱታውን ለቤተ መንግሥት አቀረበ፤ በ1516 የነባር ሕዝቦች ጠበቃ የሚል ማዕርግ ተሰጠው። የሕይወቱ ከባድ ጥላ የሚጀምረውም ከዚህ ላይ ነው። የደሴቶቹን ነዋሪዎች ከሞት ለማትረፍ ሲል፣ በእነርሱ ምትክ ባሪያዎች፣ በተለይም አፍሪካውያን፣ እንዲገቡ በ1516 እና በ1518 ሐሳብ አቀረበ። አፍሪካውያን ባሪያዎች ከእርሱ ሐሳብ በፊትም ወደ ካሪቢያን ይወሰዱ ስለ ነበር የንግዱ ጀማሪ አድርጎ መቁጠር ትክክል አይደለም። ነገር ግን ንጉሥ ካርሎስ በ1518 ለ4,000 ባሪያዎች ፈቃድ በሰጠበት ወቅት የእርሱ ምክር ለንግዱ ድጋፍ ሆኗል። ላስ ካሳስ ኋላ የአፍሪካውያኑ ባርነት የነባር ሕዝቦቹን ያህል ግፍ መሆኑን ተረዳ፤ ባለማወቅ ማድረጉ በእግዚአብሔር ፊት ነጻ እንደሚያወጣው እርግጠኛ አለመሆኑንም በታሪክ መጽሐፉ አሰፈረ።

በዛሬዪቱ ቬኔዝዌላ ጠረፍ፣ በኩማና፣ ያለ ጦር ኃይል ሊመሠርተው የሞከረው ሰፈራ ፈረሰ። ከዚያ በኋላ ወደ ዶሚኒካን ማኅበር ገብቶ ለዓመታት የሥነ መለኮትና የሕግ መጻሕፍትን አጠና። በኋላ ያቀረባቸው ክርክሮች የተገነቡት በዚህ ዘመን ባካበተው ዕውቀት ላይ ነው።

ከኑዛዜ ወደ ሕግ

በ1542 አዲሶቹ ሕጎች የተባሉት ድንጋጌዎች ሲወጡ የላስ ካሳስ ጥረት ከዋና ምክንያቶቻቸው አንዱ ነበር። ሕጎቹ ነባር ሕዝቦችን ባሪያ ማድረግን ከለከሉ፤ ኤንኮሚየንዳም በውርስ እንዳይተላለፍ ደነገጉ። በፔሩ ሰፋሪዎች ዐመፁ፤ የንጉሡ እንደራሴም በ1546 ተገደለ። የውርስ ክልከላው አስቀድሞ በ1545 ተሽሮ ነበር።

ሕጉ ሲላላ ላስ ካሳስ ወደ ኑዛዜው ሥርዓት ተመለሰ። በ1545 የቺያፓ ጳጳስ ሆኖ በመንበሩ ሲቀመጥ፣ በግፍ ባሪያ የያዘና ያላግባብ የበለጸገ ሰው ሳይመልስ እንዳይፈታ አዘዘ። ለናዛዦች ባዘጋጀው መመሪያ ተነሳሒው አስቀድሞ በሕግ ጸሐፊ ፊት ሰነድ እንዲፈርም፣ በሰነዱም ንብረቱን ለካሣ የማዋል ሥልጣን ለናዛዡ እንዲሰጥ ደነገገ። በዚህ መንገድ የነፍስ ጉዳይ የነበረው ንስሐ በፍርድ ቤት ሊጸና የሚችል ግዴታ ሆነ። መንግሥት አደጋውን ተረዳ፤ መመሪያው የስፔንን የገዥነት መብት ይነካል ተብሎ በ1548 ቅጂዎቹ እንዲሰበሰቡ ታዘዘ።

በ1550 እና በ1551 በቫያዶሊድ በተጠራው ጉባኤ ላስ ካሳስ ከሁዋን ሂኔስ ዴ ሴፑልቬዳ ጋር ተሟገተ። ሴፑልቬዳ አርስቶትልን መሠረት አድርጎ፣ አንዳንድ ሕዝቦች በተፈጥሯቸው ለመገዛት የተፈጠሩ ስለሆኑ በጦር መገዛታቸው ተገቢ ነው አለ። ላስ ካሳስ ደግሞ አረመኔ የሚለው ቃል ልዩ ልዩ ትርጉሞች እንዳሉት ዘርዝሮ፣ ከተማና ሕግ ያላቸው ሕዝቦች በዚህ ስም ሊገዙ እንደማይገባ፣ እምነትም በማሳመን እንጂ በጦር እንደማይሰበክ ተከራከረ። ጉባኤው ይፋዊ ውሳኔ ሳይሰጥ ተበተነ።

ማጠቃለያ

ላስ ካሳስ በሐምሌ 1566 በማድሪድ ዐረፈ። በ1552 ያሳተመው የግፍ ዘገባ ወደ ደች፣ ፈረንሳይኛና እንግሊዝኛ ተተርጉሞ የስፔን ተቀናቃኞች የፖለቲካ መሣሪያ ሆነ፤ በውስጡ ያሉት የሟቾች አኃዞችም እስከ ዛሬ ያከራክራሉ። ላስ ካሳስ እስከ መጨረሻው የክርስትናን መስፋፋት ተገቢነት አልተጠራጠረም፤ ስለዚህ የዛሬውን የቅኝ ግዛት ተቃውሞ በእርሱ ላይ መጫን አይገባም። ይሁንና የጥፋት ጸጸት ካለ ካሣ ዋጋ የለውም የሚለው አቋሙ፣ በዘመናችን ስለ ባርነትና ስለ ቅኝ ግዛት ካሣ ለሚደረገው ክርክር ቀደምት መነሻ ነው። የምዕራቡን ክርስትና ተጽዕኖ የሚያጠና ተመራማሪም ከታላላቅ የእምነት ድንጋጌዎች ጎን ለጎን የኑዛዜ መመሪያዎችን ቢመረምር፣ ሃይማኖቱ በሰዎች ንብረትና ሥልጣን ላይ ምን እንደጠየቀ፣ በምን ምክንያትም እንዳልተሰማ በቅርብ ሊያይ ይችላል።