ከተጫዋችነት እስከ መሪነት፦ የአቶ ይድነቃቸው ተሰማ የሕይወት ታሪክ

ተማሪዎች ሆይ! ትምህርት ቤታችሁ በሐረር ጀጎል ግንብ አጠገብ ይሁን ወይም በሶፊ ገጠር፣ በጂማ ይሁን ወይም በጎንደር፣ ከትምህርት ሰዓት በኋላ ሜዳው በኳስ ተጫዋቾች ሳይሞላ የሚመሽበት ቀን ጥቂት ነው። ሁለት ድንጋይ አኑራችሁ ግብ ታበጃላችሁ፤ ቡድን ትከፍላላችሁ፤ ጨዋታ ትጀምራላችሁ። ነገር ግን ኳሱ ከመመታቱ በፊት ሳትናገሩ የምትስማሙበት ነገር አለ። ይኸውም ሜዳው ለሁሉም ክፍት መሆኑና ሕጉም ለሁሉም እኩል መሥራቱ ነው። ይህ ስምምነት ሲፈርስ ጨዋታው ወደ ጠብ ይለወጣል። ከዚህ ቀጥሎ የምታነቡት፣ ይህን ቀላል የሚመስል ስምምነት በአገርና በአህጉር ደረጃ ለማስከበር ዕድሜያቸውን ሙሉ የደከሙ ኢትዮጵያዊ ታሪክ ነው።

አቶ ይድነቃቸው ተሰማ በ1914 ዓ.ም. በዘመን መለወጫ ዕለት፣ መስከረም 1 ቀን፣ በጂማ ከተማ ተወለዱ። አባታቸው ነጋድራስ ተሰማ እሸቴ በግጥምና በዜማ አዋቂነታቸው የታወቁ፣ በ1900 ዓ.ም. ገደማ ወደ ጀርመን አገር ተልከው ድምፃቸውን በሸክላ ያስቀረጹ ሰው ነበሩ። ልጅየው ግን ስማቸውን ያስጠሩት በሌላ ሙያ ነው። በአዲስ አበባ በተፈሪ መኰንን ትምህርት ቤት ሲማሩ በእግር ኳስ ፍቅር ተያዙ፤ ያም ፍቅር እስከ ዕለተ ሞታቸው አልተለያቸውም።

በታኅሣሥ ወር 1928 ዓ.ም. ጆርጅ ዱካስና አየለ አትናሽ የተባሉ ወጣቶች በአዲስ አበባ፣ በአራዳ፣ የቅዱስ ጊዮርጊስን ቡድን መሠረቱ። አቶ ይድነቃቸው በዚያን ጊዜ ገና የ14 ዓመት ልጅ ነበሩ፤ ሆኖም በቡድኑ ገብተው መጫወት ጀመሩ። ዘመኑ ግን የመከራ ዘመን ነበር። ጥቂት ወራት ሳይቆይ የፋሺስት ጦር አዲስ አበባን ያዘ። ወራሪው በመንገድ፣ በመኖሪያ ሰፈርና በመዝናኛ ስፍራ ሁሉ ነጩን ከጥቁሩ እንደለየ፣ በኳስ ሜዳም ላይ ይህንኑ ልዩነት ዘረጋ። የኢትዮጵያውያን ስፖርት ለብቻው እንዲካሄድ ተደረገ፤ የቅዱስ ጊዮርጊስ ስምም ተፍቆ ሊቶሪዮ ውቤ ሰፈር ተባለ። የራስ ቡድን በባዕድ ስም ሲጠራ መስማት ለአንድ ወጣት ምን ያህል እንደሚያንገበግብ ልትገምቱ ትችላላችሁ። አቶ ይድነቃቸው በኋላ ዘመን ያሳዩት ጽናት ሥሩ የተተከለው በእነዚያ አምስት ዓመታት መሆኑን ለመረዳት አያዳግትም።

አገሪቱ ነጻ ከወጣች በኋላ ቡድኑ ወደ ቀድሞ ስሙ ተመለሰ። በ1936 ዓ.ም. የኢትዮጵያ ስፖርት በፌዴሬሽን ሲደራጅ አቶ ይድነቃቸው ከመሥራቾቹ አንዱ ሆኑ። በዚያው ዓመት በተጀመረው ውድድር የተካፈሉት አምስት ቡድኖች ነበሩ፤ እነርሱም የኢትዮጵያውያኑ ቅዱስ ጊዮርጊስ፣ የአርመኖቹ አራራት፣ የግሪኮቹ ኦሎምፒያኮስ፣ የጣሊያኖቹ ፎርቲቱዶና የእንግሊዝ ጦር መልእክተኞች ቡድን ናቸው። እንግዲህ ልብ በሉ! ከጥቂት ዓመታት በፊት በአንድ ሜዳ ላይ እኩል መቆም የተከለከለው ኢትዮጵያዊ፣ አሁን ከጣሊያኑ ጋር በአንድ ሕግና በአንድ ዳኛ ሥር ሊጫወት በቃ።

በዚያ ዘመን ኳስ መጫወት ለኢትዮጵያዊ እንጀራ የሚያበላ ሙያ አልነበረም። ያም ሆኖ አቶ ይድነቃቸው ለ23 ዓመታት ያህል የቅዱስ ጊዮርጊስን ማልያ ሳያወልቁ ቆይተዋል። በታሪካቸው እንደ ተመዘገበው፣ ለቡድናቸው 365 ጨዋታዎችን ተጫውተው 318 ግቦችን አግብተዋል፤ ለብሔራዊ ቡድንም 15 ጊዜ ተሰልፈዋል። ከጨዋታው ጎን ለጎን ደንብ ያረቅቁ፣ ያሠለጥኑና ያስተዳድሩ ነበር። በ1950 ዓ.ም. ከሜዳ ሲሰናበቱ ሥራቸው አላበቃም፤ እንዲያውም ታላቁ ምዕራፍ ገና መጀመሩ ነበር።

የካቲት 1 ቀን 1949 ዓ.ም. የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን በካርቱም ሲቋቋም፣ ኢትዮጵያን ወክለው ከተገኙት መሥራቾች አንዱ አቶ ይድነቃቸው ነበሩ። መሥራቾቹ አገሮች ሱዳን፣ ግብፅ፣ ኢትዮጵያና ደቡብ አፍሪካ ናቸው። ነገር ግን የደቡብ አፍሪካ መንግሥት ነጮችና ጥቁሮች በአንድነት የሚሰለፉበት ቡድን ለመላክ ፈቃደኛ ሳይሆን ቀረ። ስለሆነም የመጀመሪያው የአፍሪካ ዋንጫ በሦስት አገሮች መካከል ብቻ ተካሄደ። አዲሱ ድርጅት ገና በማለዳው አንድ አባል ማጣት ወይም መመሪያውን ማጣት ከሚል ምርጫ ፊት ቆመ፤ መመሪያውንም መረጠ።

በ1954 ዓ.ም. ሦስተኛው የአፍሪካ ዋንጫ በአዲስ አበባ ተደረገ። የኢትዮጵያ ቡድን አሠልጣኝ አቶ ይድነቃቸው፣ አምበሉም ሉቻኖ ቫሳሎ ነበሩ። ኢትዮጵያ ቱኒዚያን 4 ለ 2 አሸንፋ ለፍጻሜ ደረሰች። ጥር 13 ቀን ከግብፅ ጋር በተደረገው የፍጻሜ ግጥሚያ ግብፆች በመጀመሪያው አጋማሽ ቀደሙ። በ74ኛው ደቂቃ ግርማ ተክሌ አቻ ቢያደርግም ግብፆች በቀጣዩ ደቂቃ እንደገና መሩ። ጨዋታው ሊያልቅ ስድስት ደቂቃ ሲቀረው ሉቻኖ ሁለተኛውን ግብ አገባ። በተጨመረው ሰዓት ኢታሎ ቫሳሎና መንግሥቱ ወርቁ አንዳንድ ግብ አክለው ኢትዮጵያ 4 ለ 2 አሸነፈች። ሁለት ጊዜ ተመርቶ ሁለት ጊዜ የተነሣው ያ ቡድን ያስገኘው ዋንጫ ኢትዮጵያ እስካሁን ያገኘችው ብቸኛው የአፍሪካ ዋንጫ ነው።

ከዚህ ድል በኋላ ትግሉ ወደ ስብሰባ አዳራሽ ተዛወረ። እ.ኤ.አ. በ1966 ለሚደረገው የዓለም ዋንጫ ከተመደቡት 16 ቦታዎች ውስጥ አፍሪካ፣ እስያና ኦሽኒያ በአንድነት የተሰጣቸው አንድ ቦታ ብቻ ነበር። አቶ ይድነቃቸውና የጋናው ኦሄኔ ጃን ይህን አድልዎ አጥብቀው ተቃወሙ። 15 የአፍሪካ አገሮች ከማጣሪያው ራሳቸውን አገለሉ፤ የዓለም አቀፉ ፌዴሬሽንም የገንዘብ ቅጣት ጣለባቸው። ለአንድ ተጫዋች የዓለም ዋንጫን መተው ምን ያህል መራራ እንደሆነ አስቡ። ይሁን እንጂ መሥዋዕትነቱ ፍሬ አፈራ፤ በ1962 ዓ.ም. በሜክሲኮ በተደረገው ውድድር ለአፍሪካ አንድ ቦታ ለብቻዋ ተሰጣት፤ በ1974 ዓ.ም. በስፔን ደግሞ ቦታው ሁለት ሆነ።

አቶ ይድነቃቸው በ1964 ዓ.ም. የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን ፕሬዚዳንት ሆነው ተመረጡ። በእርሳቸው የአመራር ዘመን፣ በ1968 ዓ.ም.፣ የአፍሪካ ዋንጫ እንደገና ወደ ኢትዮጵያ መጣ። የአንዱ ምድብ ጨዋታዎች የተካሄዱት በአዲስ አበባ ሲሆን፣ የሌላው ምድብ ከሐረር 50 ኪሎ ሜትር ያህል በምትርቀው በድሬዳዋ ነበር። የድሬዳዋ ሕዝብ ለኳስ እንግዳ አልነበረም፤ የከተማይቱ የጥጥ ማኅበር ቡድን ከ1952 እስከ 1957 ዓ.ም. ባለው ጊዜ አራት ጊዜ የኢትዮጵያ ሻምፒዮን ሆኗልና። በዚያ ምድብ ናይጄሪያ፣ ሞሮኮ፣ ሱዳንና ዛየር ተጋጠሙ፤ በመጨረሻም ሞሮኮ ዋንጫውን ወሰደች። በዚያው ዓመት በሐምሌ ወር፣ አፍሪካውያን ለረጅም ጊዜ ሲታገሉለት የነበረው ጉዳይ እልባት አገኘ፤ የዓለም አቀፉ ፌዴሬሽን በሞንትሪያል ባደረገው ጉባኤ ዘረኛውን የደቡብ አፍሪካ ፌዴሬሽን ከአባልነት አባረረ።

በእርሳቸው ዘመን ካከራከሩት ጉዳዮች ሌላው፣ በባሕር ማዶ ኳስን መተዳደሪያቸው ያደረጉ አፍሪካውያን ነገር ነው። እስከ 1974 ዓ.ም. ገደማ አንድ አገር በአፍሪካ ዋንጫ ከውጭ አገር ተጫዋቾቹ ከሁለት በላይ ማሰለፍ አይችልም ነበር። የደንቡ ደጋፊዎች ያገር ቤት ቡድኖች እንዳይዳከሙ ይሰጉ ነበር፤ ተቃዋሚዎቹ ደግሞ ማንም ልጅ እንጀራ ፍለጋ በመሄዱ ከአገሩ ማልያ መከልከል የለበትም ይሉ ነበር። በመጨረሻ ደንቡ ተሻረ። እናንተስ በዚህ ክርክር ከየትኛው ወገን ትቆሙ ነበር? ለመልሳችሁ ምክንያት ስጡ።

አቶ ይድነቃቸው ነሐሴ 13 ቀን 1979 ዓ.ም. እስኪሞቱ ድረስ በፕሬዚዳንትነታቸው ቆዩ። ያገቧቸውን ግቦች ያዩ ሰዎች ዛሬ እጅግ ጥቂት ናቸው። ነገር ግን አንድ የአፍሪካ ቡድን በዓለም ዋንጫ ሜዳ ላይ በታየ ቁጥር፣ ያ ቦታ በልመና የተገኘ አለመሆኑን አስታውሱ። አንዳንዶች ለመጫወት ሲሉ ሕግን ያፈርሳሉ፤ እርሳቸውና ጓደኞቻቸው ግን ሕጉ ለሁሉም እኩል እስኪሆን ድረስ ጨዋታውን ራሱን ለመተው የደፈሩ ሰዎች ነበሩ።