ጄምስ ብሩስ፡ የኮሶንና የእንሰትን መልክ ይዞ የተመለሰው መንገደኛ

በሶዶ ወረዳ ጥያ የሚገኙትን ትክል ድንጋዮች የጎበኘ ሰው ከጎራዴዎቹ ሌላ ተክል የሚመስል ቅርጽ ተቀርጾ ያያል። ብዙዎች እንሰት ነው ይላሉ። ድንጋዮቹን ያቆሙት ሰዎች ስም አልተመዘገበም። እንሰትን አስሎ ሥዕሉን ወደ አውሮፓ የወሰደው ሰው ስም ግን በሚገባ ይታወቃል። ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ ነው። ይኸው ሰው ሌላም የደጋ ተክል አስሎ ወስዷል፤ ኮሶን። ብሩስ ጉራጌ አገር አልደረሰም። ቢሆንም የእነዚህ ሁለት ተክሎች ታሪክ ያለ እርሱ ስለማይነገር በዛሬው ዓምዳችን የሕይወት ታሪኩን እናቀርባለን። በጽሑፉ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ብሩስ በ1730 ኪኔርድ በተባለው የቤተሰቡ ርስት ተወለደ። ወጣት ሳለ ያገባት የወይን ጠጅ ነጋዴ ልጅ በተጋቡ በወራት ውስጥ ፓሪስ ላይ ሞተችበት። ከዚያ በኋላ ወደ ጉዞና ወደ ቋንቋ ጥናት አዘነበለ። በ1763 የእንግሊዝ መንግሥት ቆንስል ሆኖ አልጀርስ ተሾመ። ሹመቱን ከለቀቀ በኋላ የዓባይን ምንጭ ለማየት ቆርጦ ተነሳ። አብሮት የተጓዘው ሉዊጂ ባሉጋኒ የተባለ የቦሎኛ ተወላጅ ሰዓሊ ነበር። ይህን ስም አንባቢ እንዲይዝልን እንፈልጋለን፤ ወደ በኋላ እንመለስበታለን።

ሁለቱ ሰዎች በመስከረም 1769 ምፅዋ ደረሱ፤ በየካቲት 1770 ጎንደር ገቡ። ዘመኑ ራስ ሚካኤል ስሑል አገሩን በእጃቸው ያደረጉበት፣ ዙፋኑም በወጣቱ ዓፄ ተክለ ሃይማኖት እጅ የነበረበት የሁከት ጊዜ ነው። በዚያ ላይ ፈንጣጣ ገብቶ ነበር። ብሩስ ሐኪም ባይሆንም ስለ ሕክምና ጥቂት ያውቅ ስለነበር በቁስቋም ቤተ መንግሥት የታመሙትን የመሳፍንት ልጆች እንዲያክም ተጠራ። ልጆቹ ሲድኑ የእቴጌ ምንትዋብንና የልጃቸውን የወይዘሮ አስቴርን ሞገስ አገኘ። ወይዘሮ አስቴር የራስ ሚካኤል ባለቤት ስለነበሩ በሩ ሁሉ ተከፈተለት። በኅዳር 1770 ግሽ ደርሶ የዓባይን ምንጭ አየ። ከእርሱ በፊት በ1618 ፔድሮ ፓኤዝ የተባለ የኢየሱሳውያን ካህን እዚያው ደርሶ ነበር፤ ብሩስ ግን ይህን አምኖ ለመቀበል እምቢ እንዳለ ኖረ።

ለእኛ ከምንጩ ይልቅ የሚጠቅመው በመንገድ ላይ ያደረገው ነው። ብሩስና ባሉጋኒ በየደረሱበት ተክል ያዩ፣ ስሙንና ጥቅሙን ይጠይቁ፣ ይስሉም ነበር። ስለ ኮሶ የጻፈው ዛሬም ያስደንቃል። ሰዉ ጥሬ ሥጋ ስለሚበላ የሆድ ትል እንደሚይዘው፣ በየወሩ ኮሶ እየጠጣ ትሉን እንደሚያስወጣ ጽፏል። በአማርኛ ትሉ ራሱ የኮሶ ትል ይባላል፤ በሽታው በመድኃኒቱ ስም መጠራቱ ኮሶ በየቤቱ ምን ያህል እንደነበረ ያሳያል። ብሩስ ሌላም ነገር አስተውሏል። ዛፉ በየቤተ ክርስቲያኑ ዙሪያ ከጽዶች ጋር የሚተከለው የመንደሩ ሰው ለመድኃኒት እንዲጠቀምበት እንደሆነ መዝግቧል። ኮሶ ዱር ውስጥ ተገኝቶ የሚቆረጥ ብቻ ሳይሆን ሰው አስቦ የሚተክለው ዛፍ ነበር ማለት ነው።

እርሱ ራሱም በአገር መድኃኒት ተርፏል። በመመለሻው መንገድ ላይ ተቅማጥ ጠንቶበት ሳለ በዋጊኖስ ሥር ቅርፊት ታክሞ ዳነ። ይህ ተክል በሳይንሳዊ ስሙ ብሩሴያ ተብሎ በብሩስ ስም ተሰይሟል።

በታኅሣሥ 1771 ጎንደርን ለቆ በስናር በኩል ወጣ። በኑብያ በረሃ ግመሎቹ አልቀውበት ጽሑፉንና ሥዕሉን ሁሉ አሸዋ ላይ ጥሎ አስዋን ገባ። ጥቂት ካረፈ በኋላ ግመል ተውሶ ተመለሰና ዕቃውን ሰበሰበ። ባይመለስ ኖሮ ይህን ጽሑፍ ባላቀረብን ነበር። በ1774 ለንደን ሲደርስ ያወራውን ብዙዎች አላመኑትም፤ በተለይ ከቁም ከብት ላይ ሥጋ ተቆርጦ ሲበላ አይቻለሁ ማለቱ መሳለቂያ አደረገው። ተቀይሞ ወደ ርስቱ ገባ። አምስት ቅጽ ያለው የጉዞ መጽሐፉ የታተመው ገና በ1790 ነው። የተክሎቹ ነገር የሚገኘው በመጨረሻው ቅጽ ነው።

የስሞቹም ጉዳይ የሚመጣው እዚህ ላይ ነው። ብሩስ ኮሶን በታዋቂው የእጽዋት ሊቅ በጆሴፍ ባንክስ ስም ሰየመው። ይሁን እንጂ የባንክስ ስም ቀደም ብሎ ለአውስትራሊያ ተክሎች ተሰጥቶ ስለነበር አልጸናም። በ1791 ጀርመናዊው ግሜሊን ዛፉን በኮኒግስበርጉ ምሁር በሃገን ስም ሃጌኒያ አቢሲኒካ አለው፤ ዛሬም በዚሁ ይጠራል። ቆየት ብሎ ደግሞ ሌላ አውሮፓዊ፣ ኮሶን ኢስታንቡል ላይ ባገኘው ፈረንሳዊ ሐኪም በብራየር ስም ጠርቶት ነበር።

እንሰት የተለየ ዕድል ገጠመው። ብሩስ እንሰትን በማንም ስም አልጠራውም፤ ሰዉ እንደሚለው እንሰት ብሎ ጻፈው። ሙዝ እንዳልሆነም ተከራከረ፤ ሙዝ የሚበላው ፍሬው ሲሆን የእንሰት ግን ግንዱ መሆኑን ገልጿል። ጉራጌ አገር ቢዘልቅ ኖሮ ስለ ቆጮና ስለ ቡላ የሚጽፈው ይበዛ ነበር። ሊቃውንቱ አልሰሙትም፤ ከመቶ ሃምሳ ዓመት በላይ ከሙዝ ወገን ቆጥረውት ኖሩ። በ1947 ቺዝማን የተባለ ሳይንቲስት እንሰትን ከሙዝ ለይቶ ራሱን የቻለ ወገን ሲያደርገው የወገኑ ስም እንሰት ሆኖ ጸና። በዓለም ሳይንስ መዝገብ ውስጥ ጓሯችን ያለው ተክል በራሳችን ቃል ይጠራል።

ወደ ኮሶው እንመለስ። ዛፉ ከባሕር ጠለል በላይ ከ2 ሺህ 300 ሜትር ገደማ ጀምሮ ባለው ደጋ ላይ የሚበቅል፣ እስከ 20 ሜትር የሚረዝም ነው። እንጨቱ ለጠረጴዛና ለቁም ሳጥን ተፈላጊ በመሆኑ በአገራችን ደጋዎች ክፉኛ ተመናምኗል። አንድ ነገር ግን ብዙ ጊዜ ይዘነጋል፤ ኮሶ ወንዴና ሴቴ ዛፉ የተለያየ ነው። ለመድኃኒት የሚለቀመው ቀላ ያለው የሴቴዋ አበባ ነው። አበባው ፍሬ ሳይዝ ከተለቀመ ዘር የለም፤ ሴቴዋ ለጣውላ ከተቆረጠችም ወንዴው ብቻውን ቆሞ ቢቀር ዘር አይሰጥም። እንደ ጸሐፊው አስተያየት የኮሶ ችግኝ ዕቅድ የሚያወጣ ወረዳ በቅድሚያ ሊያደርግ የሚገባው በቀበሌው የቀሩትን ሴቴና ወንዴ ዛፎች ቆጥሮ ምልክት ማድረግ ነው። ይህን ለማድረግ በጀት መጠበቅ አያስፈልግም፤ አበባ በሚያወጡበት ወቅት ዞሮ ማየት ይበቃል። ኮሶን ለመጠጣት ለሚያስብ ደግሞ፣ ልኩ ካለፈ ዓይን እስከማጥፋትና እስከመግደል ስለሚደርስ ለትሉ ጤና ጣቢያ መሄድ ይሻላል።

ብሩስ በሚያዝያ 1794 በገዛ ቤቱ አንዲት እንግዳ ሊሸኝ ሲጣደፍ ከደረጃ ወድቆ ሞተ። ያን ሁሉ በረሃና ጦርነት ያለፈ ሰው ነው። ከሞተ በኋላ የመጡ ተጓዦች ከተናገረው ብዙው እውነት መሆኑን አረጋገጡለት።

የባሉጋኒ ነገር ግን ቆየ። ሰዓሊው በ1771 መጀመሪያ ጎንደር ላይ ታሞ ሞቶ ነበር። ብሩስ በመጽሐፉ ባሉጋኒ ከግሽ ጉዞ በፊት እንደሞተ አድርጎ ጻፈ፤ ሥዕሎቹንም እንደ ራሱ ሥራ አቀረባቸው። አብረው ግሽ መድረሳቸው የታወቀው ከተዋቸው ወረቀቶች ነው። ሥዕሎቹ አሁን በአሜሪካ የል ዩኒቨርሲቲ ይገኛሉ። በ1991 የእጽዋት ሥዕሎቹ በባሉጋኒ ስም በመጽሐፍ ታትመዋል።