ሌሎች እንዲያስቁ የደከመ ሰው

ተመልካች በሣቀ ጊዜ የሚያመሰግነው ፊት ለፊት የሚያየውን ተጫዋች ነው። ትንሽ ጠለቅ ብሎ የሚያስብ ደግሞ ደራሲው ማን ይሆን ብሎ ይጠይቃል። ደራሲውን ፈልጎ ያገኘውን፣ ተጫዋቹን ከድርሰቱ ጋር ያገናኘውን፣ ገንዘቡንና ስቱዲዮውን ከአለቆች ጋር ተሟግቶ ያስፈቀደውን ሰው ግን የሚያስታውሰው የለም፤ ስሙም በመጨረሻ ላይ በደቃቅ ፊደል ተጽፎ ያልፋል። እንግሊዞች ይህን ሰው ፕሮዲዩሰር ይሉታል፤ እኛ አዘጋጅ እንበለው። ከዚህ በታች የምንተርከው በእንግሊዝ ራዲዮና ቴሌቪዥን ውስጥ ከሠላሳ ዓመት በላይ በዚህ ሥራ የኖረውን የዴኒስ ሜይን ዊልሰንን ታሪክ ነው። ዓመተ ምሕረቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

ዴኒስ ሜይን ዊልሰን በግንቦት ወር 1924 በደቡብ ለንደን ደልዊች በተባለው ሰፈር ተወለደ። ቢ.ቢ.ሲ. የገባው በ1941 ገና የአሥራ ሰባት ዓመት ወጣት ሳለ ነው። ጊዜው የጦርነት ጊዜ ነበር። ወጣቱ የተመደበበት ክፍል ወደ አውሮፓ የሚያሰራጭ ሲሆን፣ ከሥራዎቹም አንዱ በጀርመንኛ ቋንቋ በሂትለርና በሹማምንቱ ላይ የሚያፌዝ ፕሮግራም መላክ ነበር። በጀርመን አገር የውጭ ራዲዮ ማዳመጥ ከ1939 ጀምሮ በከባድ ቅጣት የተከለከለ ስለ ነበር፣ ያንን ፌዝ ሰምቶ የሚሥቅ ሰው ነጻነቱን፣ አንዳንድ ጊዜም ሕይወቱን አደጋ ላይ ጥሎ ነው የሚሥቀው። ሣቅ የሥራ ፈት መጫወቻ አለመሆኑን ይህ ወጣት የተማረው እንግዲህ በዚህ ዕድሜው ነው። ከዚያ በኋላ ለውትድርና ተጠርቶ በ1944 ኖርማንዲ ከወረደው ጦር ጋር ዘመተ፤ ጦርነቱም ሲያበቃ በሐምቡርግ የጀርመንን ራዲዮ እንደገና በማቋቋሙ ሥራ ተካፈለ።

ወደ ለንደን ተመልሶ በቢ.ቢ.ሲ. የመዝናኛ ክፍል ሥራ ሲጀምር ከተማይቱ ከጦር ሜዳ በተመለሱ ወጣቶች ተሞልታ ነበር። ከነዚህም ውስጥ ስፓይክ ሚሊጋን፣ ፒተር ሴለርስ፣ ሃሪ ሴኮምብና ማይክል ቤንታይን የተባሉ አራት ሰዎች አንድ እንግዳ የሆነ ጨዋታ ይዘው መጡ። ጨዋታቸው መኰንኑን፣ ሹሙንና የጦርነቱን ክብር ሁሉ የሚያቃልል፣ ወጉ የማይጨበጥ ነበር። አለቆች ግራ ገባቸው፤ ጎን ሾው የተባለውን ስሙን እንኳ ስላልተረዱት ፕሮግራሙ በግንቦት 28 ቀን 1951 የተጀመረው እብድ ሰዎች በሚል ስም ነበር። ዊልሰን ግን እሱም ከዚያው ጦርነት የተመለሰ ነበርና ቀልዱ ገባው። የመጀመሪያዎቹን ሁለት ዙሮች አዘጋጀ። ጎን ሾው እስከ 1960 ድረስ የቆየ ሲሆን ከሱ በኋላ የተነሡ ብዙ የእንግሊዝ ቀልደኞች የተማሩበት ትምህርት ቤት ሆነ።

እስከዚያ ዘመን ድረስ የራዲዮ ቀልድ ማለት ጥቂት ተረብ፣ መሐል ላይ ዘፈን፣ ከዚያም እንደገና ተረብ ነበር። ሬይ ጋልተንና አለን ሲምፕሰን፣ በሳምባ ነቀርሳ ታመው ሐኪም ቤት ተኝተው ሳለ የተዋወቁ ሁለት ወጣት ደራስያን፣ ይህን ልማድ ለመለወጥ ፈለጉ። ሐሳባቸው ግማሽ ሰዓት ሙሉ ዘፈን ሳይገባበት አንድ ታሪክ ብቻ መተረክ፣ ሣቁም ከሰውየው ጠባይ እንዲመጣ ማድረግ ነበር። ዊልሰን ሐሳቡን ተቀብሎ በኅዳር 2 ቀን 1954 የሃንኮክ ግማሽ ሰዓት የተባለው ፕሮግራም ተጀመረ። ዋናው ተጫዋች ቶኒ ሃንኮክ ተሰጥዎው እንደ በዛ ሁሉ ጭንቀቱም የበዛ ሰው ነበር። በ1955 ሁለተኛው ዙር ሊጀመር ጥቂት ቀን ሲቀረው ሃንኮክ ይሠራበት ከነበረው ቴአትር ቤት ወጥቶ አገር ለቆ ጠፋ። ድርሰቱ ተዘጋጅቷል፤ ቀኑ ደርሷል፤ በስሙ የተሰየመው ሰው ግን የለም። ዊልሰን ሃሪ ሴኮምብን ለምኖ በሃንኮክ ቦታ ሦስት ፕሮግራም አስጫወተ፤ ሃንኮክም ሲመለስ ቦታው አልተወሰደበትም። ከበሮ በሰው እጅ ሲያዩት እንደሚያምር፣ የአዘጋጅነትም ሥራ ከሩቅ ሲያዩት ቀላል ይመስላል።

ወደ ቴሌቪዥን ከተዛወረ በኋላ በ1961 ዘ ራግ ትሬድ የተባለውን ተከታታይ ጨዋታ አወጣ። በዚያን ጊዜ በቢ.ቢ.ሲ. የቀልድ ክፍል አዘጋጁ ብዙውን ጊዜ ራሱ ዲሬክተርም ነበር። ታሪኩ የሚፈጸመው በአንድ አነስተኛ የልብስ ስፌት ፋብሪካ ውስጥ ሲሆን፣ ከሠራተኞቹ አብዛኞቹ ሴቶች ናቸው። ሚርያም ካርሊን የተጫወተችው የማኅበሩ ተጠሪ በትንሽ በትልቁ ፊሽካዋን ትነፋለች፤ መኪናው ሁሉ ጸጥ ይላል፤ አሠሪውም ራሱን ይይዛል። በሳሎን ወግ ለተሞላው የእንግሊዝ ቀልድ የወዛደር ሴቶችን ኑሮ መሐል ማስገባቱ አዲስ ነገር ነበር።

የዊልሰን ስም ከሁሉ ይልቅ የተነሣበትም የተወቀሰበትም ሥራ ግን ሞት እስኪለየን የሚል ትርጉም ያለው ቲል ዴዝ አስ ዱ ፓርት ነው። በ1965 ለሙከራ ታይቶ በ1966 ተከታታይ ሆነ። ደራሲው ጆኒ ስፔይት የለንደን ወደብ ወዛደር ልጅ ሲሆን በአሥራ አራት ዓመቱ ከትምህርት ቤት የወጣ ነው። የፈጠረውም ሰው አልፍ ጋርኔት ይባላል፤ ድኻ ሆኖ የሀብታሞችን ፓርቲ የሚደግፍ፣ ንግሥቲቱን የሚያመልክ፣ ጥቁሩንና የውጭ አገሩን ሰው ሁሉ የሚሰድብ፣ ባለማወቁ የሚኮራ ጯሂ ሰው ነው። እሱን ሆኖ የተጫወተው ዋረን ሚቸል ይሁዲ ሲሆን በፖለቲካ አስተሳሰቡ የአልፍ ተቃራኒ ነበር። ሜሪ ዋይትሃውስ የተባሉት እመቤት ያቋቋሙት የተመልካቾች ማኅበር ስድቡን ተቃወመ፤ አለቆችም ቃላት ይሰረዙ ማለት አበዙ፤ አዘጋጁ በደራሲውና በአለቆቹ መካከል ቆሞ ይሟገት ነበር። ጨዋታው በ1968 ተቋርጦ በ1972 ተመለሰ፤ እስከ 1975ም ቀጠለ።

ከስድቡ ይልቅ የከበደው ጥያቄ ግን ሌላ ነው። ደራሲውና አዘጋጁ ያሰቡት ጥላቻ ምን ያህል አላዋቂ እንደ ሆነ ራሱ ሲናገር ለማሳየት ነው። ነገር ግን ሰምና ወርቅ ባለው ነገር ሁሉ ሰሙን ይዞ የሚሄድ አድማጭ አይጠፋም። ከተመልካቹ ብዙው አልፍን እያየ በአልፍ አልሣቀም፤ ከአልፍ ጋር ሣቀ። ለነሱ ሰውየው የልባቸውን የሚናገርላቸው ጀግና ነበር። እንግዲህ ጥፋቱ የማን ነው? ተመልካቹ አልተረዳም ብሎ ማለፍ ለአዘጋጅ ቀላል ነው፤ ነገር ግን አይበቃም። ለአልፍ መልስ የሚሰጠው ነጭ የሆነው አማቹ ነው፤ እሱም ሥራ ፈትና ለፍላፊ ሆኖ የተሣለ ነው። የሚሰደቡት ሰዎች ግን ከዚያ ቤት ውስጥ በቂ አንደበት አልነበራቸውም። አሜሪካኖች በ1971 ይህንኑ ታሪክ ኦል ኢን ዘ ፋሚሊ ብለው ወደ አገራቸው ሲያዞሩት ጥቁር ጎረቤቶችን ጨመሩበት፤ ከነሱም የሚመጣው መልስ ከስድቡ ይበልጥ ያስቅ ነበር። በኔ አስተያየት ወርቁን ወደ ሰሙ ቀረብ ያደረገው ይህ ነው፤ ዊልሰንና ስፔይት መንገዱን ጠረጉ እንጂ ሥራውን አልጨረሱትም።

ይሁን እንጂ ለማይታወቅ ሰው በር የመክፈት ልማዱን እስከ መጨረሻው አልተወም። ጆን ሱሊቫን የተባለ የቧንቧ ሠራተኛ ልጅ፣ ያለ ዲፕሎማ ከትምህርት ቤት የወጣ፣ በቢ.ቢ.ሲ. የመድረክ ዕቃ በማመላለስ ይሠራ ነበር። ከዚያ በፊት ብዙ ድርሰት እየላከ ተመልሶበታል። አንድ ቀን በሠራተኞች ክበብ ውስጥ ደፍሮ ወደ ዊልሰን ቀርቦ ሐሳቡን ነገረው፤ ዊልሰንም የት ተማርህ ሳይል እንዲጽፈው አበረታታው። በዚህ መሠረት በ1977 ሲቲዝን ስሚዝ ወጣ፤ ጥቂት ተከታዮች ይዞ በቱቲንግ ሰፈር አብዮት አነሣለሁ ስለሚል ወጣት የሚተርክ ጨዋታ ነው። ከኛ መካከል በየስብሰባው አዳራሽ ያደገ ሰው ቢያየው ጎረቤቱን ሳይሆን ራሱን ያውቅበታል።

ሱሊቫን ከ1981 ጀምሮ ኦንሊ ፉልስ ኤንድ ሆርስስ የተባለውን ጻፈ። በታኅሣሥ 29 ቀን 1996 የታየውን ክፍል ከሃያ አራት ሚሊዮን በላይ የሆነ ሕዝብ ተመለከተው። ያ ሁሉ ሕዝብ የተጫዋቾቹን ስም ያውቃል፤ ምናልባትም የደራሲውን። ዴኒስ ሜይን ዊልሰን ከዚያ በኋላ አንድ ወር ሳይሞላ በጥር 20 ቀን 1997 በሰባ ሁለት ዓመቱ አረፈ። በኛም መካከል ቴአትር የሚያዘጋጅ፣ መጽሔት የሚያሳትም ሁሉ የሚመጣለትን ድርሰት ከመመለሱ በፊት አንድ ጊዜ ደግሞ ቢያነበው መልካም ነው፤ የጻፈው ዕቃ ተሸካሚ ቢሆንም እንኳ።