ሂካ፦ «ፈቺ» ተብሎ የተሰየመው ልጅ
የኦኔሲሞስ ነሲብ ሕይወትና የስሞቹ ትርጉም



አበው «ስምን መልአክ ያወጣዋል» ይላሉ። እኛ አማኞች ስም የሰውን ዕጣ ይወስናል ብለን አናምንም። ሕይወታችን በእግዚአብሔር እጅ እንጂ በስማችን ውስጥ አይደለም። ይሁን እንጂ ስም ተራ ነገር ነው ማለታችን አይደለም። እግዚአብሔር አብራምን አብርሃም፣ ያዕቆብን እስራኤል ብሎታል። ጌታችንም ስምዖንን ጴጥሮስ ብሎ ጠርቶታል።

እዚህ በጨለለቅቱና በአካባቢዋ ሕፃናት በጉባኤ ፊት ለጌታ ሲሰጡ የእያንዳንዱ ስም ይጠራል። በዚያን ጊዜ ሁለት ነገሮችን እናስተውላለን። አንደኛ፣ አንዳንድ ወጣት ወላጆች የስሙን ትርጉም ሳያውቁ ለጆሮ ስለጣመ ብቻ ከፊልም ወይም ከስልክ ላይ ያገኙትን ስም ያወጣሉ። ሁለተኛ፣ ጌታን የተቀበሉ አንዳንድ ወገኖች ወላጆቻቸው በጌዴኦኛ ያወጡላቸውን ስም ትተው የመጽሐፍ ቅዱስ ስም መያዝ ግዴታ ይመስላቸዋል። ታዲያ አንድ ሰው ሲያምን የወላጆቹ ስም፣ የእናቱም ቋንቋ፣ ከአሮጌው ሰው ጋር አብሮ ይጣላል?

ለዚህ ጥያቄ ከክርክር ይልቅ የአንድ አባት ሕይወት የተሻለ መልስ ይሰጣል። እኚህ አባት በዘመናቸው በአራት ስሞች ተጠርተዋል። ሂካ፣ ነሲብ፣ ኦኔሲሞስና አባ ገመቺስ። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመቶች በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ወላጆቹ ያወጡለት ስም

ሕፃኑ በ1856 ገደማ በኢሉባቦር፣ በሁሩሙ አካባቢ ተወለደ። ወላጆቹ ሂካ ብለው ሰየሙት። በኦሮምኛ ቃሉ «መፍታት» ከሚለው ግሥ የመጣ ነው። የታሰረን ገመድ መፍታት፣ እስረኛን መፍታት፣ ሕልምን መፍታት፣ ከአንዱ ቋንቋ ወደ ሌላው መተርጎም፣ ይህ ሁሉ በአንድ ግሥ ይነገራል። ሂካ ማለት እንግዲህ ፈቺ፣ ተርጓሚ ማለት ነው። የአማርኛ አንባቢም ይህን ለመረዳት አይቸገርም፤ በእኛም ዘንድ እስረኛ ይፈታል፣ ሕልም ይፈታል፣ የቃልም ትርጉም «ፍቺ» ይባላል።

ወላጆቹ ይህን ስም ሲያወጡ የኦሮሞ ሕዝብ በራሱ ቋንቋ የተጻፈ ሙሉ መጽሐፍ ቅዱስ አልነበረውም። ስለ ትርጉም ሥራም ምንም የሚያውቁት ነገር አልነበረም። የሚገርመው፣ በዚያው በ1856 በሩቅ አገር በስዊድን የስዊድን ወንጌላዊ ሚሲዮን ተመሠረተ። ሕፃኑና ማኅበሩ የሚገናኙበትን መንገድ ግን ማንም ሰው አላሰበውም።

ባርነት የሰጠው ስም

ሂካ የአራት ዓመት ልጅ ሳለ አባቱ ሞተ። ከዚያም ገና በልጅነቱ የባሪያ ፈንጋዮች እጅ ገባ። ከቤተሰቡ፣ ከቀዬውና ከቋንቋው ተነጥቆ ከገበያ ወደ ገበያ ተነዳ። በዚህ መንገድ ስምንት ጌቶች ተፈራርቀውበታል። ነሲብ የሚለውም ስም የወጣለት በዚህ ጊዜ ነበር።

ነሲብ የዓረብኛ ቃል ነው፤ ድርሻ፣ ዕጣ፣ ዕድል ማለት ነው። በአማርኛም «በነሲብ» ስንል እንዲሁ በግምት፣ እንደ አጋጣሚ ማለታችን ነው። ወላጆቹ ፈቺ ያሉት ልጅ አሁን ራሱ ታስሮ ዕጣ ሆነ። ሌሎች የሚሸጡትና የሚካፈሉት ድርሻ ሆነ። ባርነት ከሰው ላይ መጀመሪያ ከሚነጥቃቸው ነገሮች አንዱ ስም ነው። ዳንኤልና ጓደኞቹም በባቢሎን ይህ ደርሶባቸዋል (ዳንኤል 1)።

በ1870 ግን ምጽዋ ላይ ቨርነር ሙንዚንገር የተባለ ስዊዘርላንዳዊ ነፃ አወጣውና በአቅራቢያው በእምኩሉ ለነበሩት የስዊድን ሚሲዮናውያን ትምህርት እንዲያስተምሩት ሰጠው። ሚሲዮናውያኑ በ1866 ወደ ምጽዋ የመጡት ወደ ኦሮሞ ሕዝብ ወንጌልን ይዘው ለመግባት ነበር። መንገዱ ተዘግቶባቸው ሳለ የሚፈልጉት ሕዝብ ልጅ በራቸው ላይ መጣ።

እርሱ የመረጠው ስም

ነፃ የወጣው ልጅ ተማረ፣ ወንጌልንም ሰማ፣ አመነም። በ1872፣ በትንሣኤ በዓል እሑድ፣ መጋቢት 31 ቀን ተጠመቀ። በዚያን ቀን ኦኔሲሞስ የሚለውን ስም ወሰደ። በአማርኛው መጽሐፍ ቅዱስ አናሲሞስ ተብሎ የተጻፈው፣ ጳውሎስ ለፊልሞና የጻፈለት ባሪያ ስም ነው። በግሪክኛ ትርጉሙ «የሚጠቅም» ማለት ነው። ጳውሎስም በፊልሞና 11 ላይ በዚሁ ትርጉም ተጠቅሞ፣ ቀድሞ የማይጠቅም የነበረው ዛሬ ጠቃሚ ሆነ ይላል።

በሁለቱ መካከል አንድ ልዩነት አለ። የጥንቱ አናሲሞስ ከጌታው ቤት የሸሸ ነበር፤ የእኛው ልጅ ግን ከራሱ ቤት የተሰረቀ ነው። የሚያገናኛቸው ያገኙት ነገር ነው። ጳውሎስ ፊልሞናን አናሲሞስን እንደ ባሪያ ሳይሆን እንደ ተወደደ ወንድም እንዲቀበለው ይለምነዋል። በስምንት ጌቶች እጅ ላለፈ ልጅ ወንድም ተብሎ መጠራት ምን ያህል ጣፋጭ እንደሚሆን አስቡ!

ሌላም የምናስተውለው ነገር አለ። በአገራችን ልማድ ከራስ ስም ቀጥሎ የሚመጣው የአባት ስም ነው። በኦኔሲሞስ ስም ውስጥ ግን በአባት ስም ቦታ የቆመው ነሲብ፣ የባርነቱ ስም ነው። እስከ ዕለተ ሞቱም አልፋቀውም። ጌታችን ከሞት ሲነሣ የችንካሩ ምልክት በእጁ ላይ እንደ ነበረ፣ ይህም ጠባሳ ከሰውየው ጋር ቀረ። ስሙን የሚጠራ ሁሉ ከየት እንደ ወጣ ያስታውሳል።

ሁለት ጊዜ የተዘጋ መንገድ

ኦኔሲሞስ ከ1876 እስከ 1881 በስዊድን፣ በስቶክሆልም አጠገብ ባለው የዮሐነሉንድ የሚሲዮን ትምህርት ቤት ተማሩ። ወደ ምጽዋ ተመልሰውም ምሕረት ኃይሉን አገቡ። ወዲያውም ወደ ሕዝባቸው ለመድረስ ተነሡ። በሱዳን በኩል ዞረው እስከ አሶሳ አካባቢ ቢደርሱም ማለፍ አልቻሉም። በ1882 በወባ ንዳድ ተይዘው ካርቱም ገቡ፤ አገሩም በመህዲስቶች አመፅ ይናጥ ነበር። ከዚያ ወደ እምኩሉ ተመለሱ። በሁለተኛው ሙከራ በ1886 እስከ እንጦጦ ዘለቁ፤ ወደ ወለጋ ማለፍ ግን አልተፈቀደላቸውም።

ብዙዎቻችን ሁለት ጊዜ በር ሲዘጋብን ጥሪው ከእግዚአብሔር አልነበረም ብለን እንተዋለን። ኦኔሲሞስ ግን እግራቸው ሊደርስበት ወዳልቻለው አገር ቃሉ ይድረስ ብለው ብዕራቸውን አነሡ። ከእርሳቸው በፊት ጀርመናዊው ሚሲዮናዊ ክራፕፍ የቅዱሳት መጻሕፍትን ክፍሎች በኦሮምኛ ለማዘጋጀት ደክመው ነበር። አሁን ግን ሥራው በሕዝቡ ልጅ እጅ ገባ። ሂካ መተርጎም ጀመረ።

የጠፋው ቋንቋና አስቴር ጋኖ

እዚህ ላይ ብዙ ጊዜ ሳይነገር የሚታለፍ ነገር አለ። ተርጓሚው የእናታቸውን ቋንቋ በበቂ አያውቁትም ነበር። በልጅነታቸው ስለተነጠቁ የያዙት የሕፃን ኦሮምኛ ነው። በሕፃን ኦሮምኛ ደግሞ የሮሜን መልእክት መተርጎም አይቻልም። ባርነት ስማቸውን ብቻ ሳይሆን አንደበታቸውንም ነክቶት ነበር።

እግዚአብሔር ያዘጋጀው መልስ አስቴር ጋኖ የምትባል ወጣት ነበረች። እርሷም ኦሮሞ ነበረች፤ በባርነት ተሸጣ በመርከብ ቀይ ባሕርን ልትሻገር ስትል በ1886 ኢጣሊያኖች መርከቡን ይዘው ነፃ አወጧት፤ ወደ እምኩሉ ትምህርት ቤትም መጣች። ቋንቋዋን ጠንቅቃ የምታውቅና ልዩ ተሰጥኦ ያላት ሆና ተገኘች። የኦሮምኛ ቃላትን እየሰበሰበች መዝገበ ቃላት አዘጋጀች፤ የትርጉሙም ሥራ በዚያ ተቃና። ከኦኔሲሞስ ጋር ሆና 500 ያህል ተረቶች፣ እንቆቅልሾች፣ ምሳሌያዊ አነጋገሮችና ዘፈኖች ሰበሰበች። ከእነዚህም ብዙዎቹ በ1894 በታተመው የኦሮምኛ ማንበቢያ መጽሐፍ ውስጥ ወጡ።

አዲስ ኪዳን በ1893 ታተመ። ሙሉው መጽሐፍ ቅዱስ ደግሞ በግዕዝ ፊደል፣ በስዊዘርላንድ በቅዱስ ክሪሾና በ1899 ታትሞ ወጣ። በሽፋኑ ላይ የሚታወቀው የኦኔሲሞስ ስም ነው። ዛሬ ታሪክ የሚያጠኑ ሰዎች የአስቴር ድርሻ በጊዜው ከተነገረላት በላይ እንደ ሆነ ያምናሉ። ስለ ስም በምንነጋገርበት ጽሑፍ የእርሷን ስም መዝለል አይገባንም። በቤተ ክርስቲያናችንም የሚሠሩና ስማቸው የማይጠራ ብዙ እኅቶች አሉ።

ወገኖች ሆይ፣ ይህን ልብ በሉ። ሁለት የተሸጡ ልጆች፣ በባዕድ የባሕር ዳርቻ ተቀምጠው፣ ሕዝባቸውን ሳያዩ፣ ለሕዝባቸው የነፃነትን ቃል ፈቱለት።

ወደ ነቀምት

በ1904 ኦኔሲሞስ ወደ ወለጋ ገቡ። በቦጂ በኩል እነ ገብረ ኤዎስጣቴዎስ ቀድመዋቸው ሥራ ጀምረው ነበር። በነቀምት የአገሩ ገዥ ደጃዝማች ገብረ እግዚአብሔር (ኩምሳ ሞረዳ) ተቀበሏቸው። አስቴር ጋኖም አብራ ነበረች። ትምህርት ቤት ተከፈተ፤ ሕዝቡም ማንበብንና የእግዚአብሔርን ቃል በገዛ ቋንቋው ተማረ።

ተቃውሞ ብዙም አልዘገየም። በ1906 ከሰሷቸውና በአቡነ ማቴዎስ ፊት ቀረቡ፤ እንዲባረሩም ተፈረደ። አፄ ምኒልክ ፍርዱን አሻሽለው ወደ ነቀምት እንዲመለሱ ፈቀዱ፤ መስበክ ግን ተከለከሉ። ለአሥር ዓመት ያህል ኦኔሲሞስ አንገታቸውን ደፍተው በጥንቃቄ ኖሩ። በ1916 ልጅ ኢያሱ እምነታቸውን እንዲሰብኩ ፈቀዱላቸው። ልጅ ኢያሱ ብዙም ሳይቆዩ ከሥልጣን ቢወርዱም ፈቃዱ አልተሻረም። ኦኔሲሞስም መጻሕፍቱን እያደሉ፣ ቃሉን እየሰበኩ ቀጠሉ። አባ ገመቺስ የሚለውን፣ የደስታ አባት የሚል ትርጉም ያለውን ስም ይዘው አረጁ። ሰኔ 21 ቀን 1931፣ እሑድ ዕለት፣ ወደ ጌታቸው ሄዱ።

ከ1899ኙ በኋላ ሌሎች የኦሮምኛ ትርጉሞች መጥተዋል፤ ፊደሉም ወደ ላቲን ተለውጧል። ስሙ ግን አልተረሳም። በምዕራብ ወለጋ በአይራ የሚገኘው የመካነ ኢየሱስ ሴሚናሪ በኦኔሲሞስ ነሲብ ስም ይጠራል።

ለእኛስ ምን ይላል?

አንደኛ፣ ጥምቀት የወላጅን ስም አይሽርም። ልጁ በእምኩሉ ኦኔሲሞስ ተባለ፤ ዕድሜውን ሙሉ የሠራው ግን የሂካን ሥራ ነው። ለእግዚአብሔር የሚጠቅም የሆነው ፈቺ በመሆኑ ነው። ክርስቶስ ባርነት የነጠቀውን መለሰለት እንጂ እናትና አባት የሰጡትን አልነጠቀውም። እርግጥ ነው፣ ለጣዖት ወይም ለመናፍስት የተሰጠ ስም ያለው ሰው ቢለውጠው መልካም ነው። ነገር ግን ጌዴኦኛ ስለሆነ ብቻ የሚያሳፍር ስም የለም። አባቶቻችን እግዚአብሔርን ማገኖ ብለው የጠሩበት ቋንቋ ለልጅ ስም አያንስም።

ሁለተኛ፣ ስም ብቻውን ማንንም አያድንም፣ ማንንም አያገለግልም። ሂካ የተባለ ሁሉ ተርጓሚ አልሆነም። እርሳቸውም ተርጓሚ የሆኑት ቋንቋቸውን እንደ ገና ቁጭ ብለው ስለተማሩ፣ ከእርሳቸው በዕድሜ ከምታንስ ሴት ልጅም ለመማር ስላልናቁ ነው። ልጆቻችን በትምህርት ቤት አማርኛና እንግሊዝኛ መማራቸው መልካም ነው። የአያታቸውን ጸሎት መከተል እስከማይችሉ ድረስ የቤታቸውን ቋንቋ ከተዉት ግን ማንም ሳይሸጣቸው አንደበታቸው ተነጠቀ ማለት ነው።

ሦስተኛ፣ እኛ የጌዴኦ አማኞች ከጉጂ ወንድሞቻችን ጋር አንድ ገበያ የምንገበያይ ጎረቤቶች ነን። በ2018 በመካከላችን የሆነውን፣ ስንቱ ከቤቱ እንደ ተፈናቀለ ሁላችን እናውቃለን። እነርሱ በኦሮምኛ የሚያነቡት ቃል ከሂካና ከአስቴር ድካም ጀምሮ የተወረሰ ነው፤ የሚናገረውም እኛ የምናምነውን ያንኑ ጌታ ነው። ፊልሞና አናሲሞስን እንደ ወንድም እንዲቀበል ተለመነ። የጎረቤትን ስም በክብር መጥራት የዚህ መጀመሪያ ነው።

ስለዚህ ወላጆች ሆይ፣ ልጃችሁን ለጌታ ስትሰጡ የስሙን ትርጉም ዕወቁ፤ ሲያድግም ንገሩት። ለምን እንደዚያ እንዳላችሁት፣ ምን ብላችሁ እንደ ጸለያችሁለት አጫውቱት። በሁሩሙ አንድ አባትና አንዲት እናት ልጃቸውን ፈቺ ብለው ጠሩ። ምን እንደሚፈታ አላወቁም፤ ሲፈታም አላዩም። እግዚአብሔር ግን ያን ስም በስምንት ጌቶች እጅ ሲያልፍ አልረሳውም።

ጌታ ይባርካችሁ።