አባባ ተስፋዬ፦ ያለ ሥዕል የተንቀሳቀሰ ተረት

ለቴሌቪዥን የሚዘጋጅ ተንቀሳቃሽ ሥዕል ምን ያህል ድካም እንደሚጠይቅ የሙያ ባልደረቦቻችን ያውቁታል። ለአንዲት ሴኮንድ 12 ሥዕል ብቻ ቢመደብ እንኳ የ10 ደቂቃ ተረት 7,200 ሥዕል ይፈልጋል። ጥቅምት 23 ቀን 1957 ዓ.ም. ሥራውን የጀመረው የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ይህን ያህል ሠዓሊ የሚያሰማራበት አቅም አልነበረውም። ሆኖም ጅቡ፣ ጦጣውና አንበሳው በልጆች ፊት ይናገሩ፣ ይጣሉ፣ ይታረቁም ነበር። ሁሉንም ሆነው ይቀርቡ የነበሩት አንድ ሰው፣ ተስፋዬ ሳህሉ ናቸው።

ተስፋዬ ሳህሉ በ1915 ዓ.ም. በባሌ ተወለዱ። የፋሺስት ኢጣሊያ ወረራ በደረሰ ጊዜ ገና የ13 ዓመት ገደማ ልጅ ነበሩ። ከነፃነት በኋላ በአዲስ አበባ በማዘጋጃ ቤቱ ቴአትር ተዋናይ ሆኑ። በዚያ ዘመን ሴት ወደ መድረክ መውጣቷ እንደ ነውር ይቆጠር ስለ ነበረ የሴቷን ገጸ ባሕርይ የሚሠራው ወንድ ነበር፤ ወጣቱ ተስፋዬም ቀሚስ ለብሰው፣ ድምፃቸውን አቅጥነው፣ አረማመዳቸውን ለውጠው ይጫወቱ ነበር። ታሪካቸውን የሚያወሱ ሰዎች ይህን ለሣቅ ያህል አንሥተው ያልፉታል። ለእኔ ግን የኋላው ሥራቸው ሁሉ ሥሩ እዚህ ላይ ይመስለኛል፤ አካልንና ድምፅን ለሌላ ፍጡር አሳልፎ መስጠትን የተማሩት በዚህ ነውና።

ኮሪያ የዘመተውን የቃኘው ሻለቃ ጦር ለማዝናናት እስከ ኮሪያና ጃፓን ተጉዘዋል። በ1948 ዓ.ም. በተከፈተው በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር፣ በዛሬው ብሔራዊ ቴአትር፣ ከቀደምቶቹ ተዋንያን አንዱ ሆነው ኦቴሎን በመሳሰሉ ቴአትሮች ተሳትፈዋል።

ቴሌቪዥን ሲመጣ የልጆቹ ክፍለ ጊዜ ለእርሳቸው ሆነ። የመድረክ ተዋናይ በመጨረሻው ረድፍ ለተቀመጠው ተመልካች ድምፁን ማጉላት የለመደ ነው፤ ካሜራ ግን የቅንድብን እንቅስቃሴ እንኳ ያጎላል። ተስፋዬ ይህን ዐውቀው ትርኢታቸውን ወደ ፊታቸውና ወደ ጉሮሯቸው ሰበሰቡት። ልጆችን በአበባ፣ የወደፊት ሕይወታቸውንም በፍሬ እየመሰሉ የሚያቀርቡት ሰላምታ በአገሩ ሁሉ ታወቀ፤ እርሳቸውም አባባ ተስፋዬ ተባሉ።

ሥርጭቱ ከአዲስ አበባ አልፎ ወደ ስምጥ ሸለቆ ከተሞች በደረሰ ጊዜ ፈተናው ሌላ መልክ ያዘ። የአዳማና የሞጆ ልጅ ቴሌቪዥን ካለው ጎረቤት ቤት ተሰብስቦ ይመለከታል። የመተሐራ ልጅ ግን የጅብን ድምፅ ከእውነተኛው ጅብ ሰምቶታል፤ የዝዋይ ልጅም ጉማሬን ከሐይቁ ያውቀዋል። እንዲህ ያለ ተመልካች በጩኸት ብቻ አይታለልም። የአባባ ተስፋዬ ጅብ እንዲያው የሚጮህ ብቻ አልነበረም፤ የሚጎመጅ፣ የሚፈራ፣ ሞኝነቱን ሊደብቅ የሚሞክር ነበር። የካርቱን ፊልም አዘጋጅ በሺህ በሚቆጠር ሥዕል የሚፈልገውም ይህንኑ ነው።

ይህ አሠራር ግን ዋጋ ነበረው። ሥዕል የሚያዘጋጅ ክፍል ባለሙያው ቢለየው እንኳ ወረቀቱና ዘዴው ለተተኪ ይቀርለታል። በአንድ ሰው ፊትና ጉሮሮ ላይ የቆመ ዝግጅት ግን ሰውየው ሲደክም አብሮ ይደክማል። አባባ ተስፋዬ በሦስት መንግሥታት ዘመን፣ ምስሉ ጥቁርና ነጭ ከነበረበት ጊዜ ጀምሮ በ1977 ዓ.ም. ባለቀለም ከሆነ በኋላም ጭምር፣ ለ42 ዓመታት ያህል በዚያ ወንበር ላይ ቆዩ። ይህን ያህል ዘመን የአገር ልጆችን ሁሉ በአንድ ሰው ጫንቃ ላይ መተው ለሙያችን ክብር ነው ለማለት ያዳግተኛል።

በ1990ዎቹ መጨረሻ ፀሐይ የምትባል የቀጭኔ አሻንጉሊት በዚሁ ቴሌቪዥን ለልጆች ማስተማር ጀመረች። አባባ ተስፋዬ በዚያው ወቅት ከማያ ገጹ ተለይተው ነበር። ሐምሌ 24 ቀን 2009 ዓ.ም. በ94 ዓመታቸው ሲያርፉ፣ ካለቀሱላቸው መካከል ብዙዎቹ የልጅ ልጅ ያዩ የቀድሞ ተመልካቾቻቸው ነበሩ።